«ካሜራ ፊት ስንቆም ይመጣልናል» ለምትሉ

ይቺን አባባል ስሰማ ሆዴን ይቆርጠኛል። እኔም ብያታለሁ። ያለ ስክሪፕት ሙሉ ቀን ኮሜዲ ቀረጽን፣ በሳቅ ፈረስን። ኤዲቲንግ ላይ ስቀመጥ አንዱ ከሌላው አይገጥምም። ሰውየው ተቆጥቶ ከቤት ይወጣል፤ ቀጥሎ ሶፋ ላይ ተጋድሟል። ከዚያ ሁሉ አርባ ሰከንድ ተረፈች።

እ.ኤ.አ. በ2008 የወጣው የአሜሪካ ኮሜዲ ፊልም «ስቴፕ ብራዘርስ» እዚያው ካሜራ ፊት የተፈጠረ የሚመስላቸው አሉ። ስክሪፕት ነበረው፤ ተዋናዩ ዊል ፌረልና ዳይሬክተሩ አዳም ማኬይ ጽፈውታል። ማኬይ መጀመሪያ የተጻፈውን ይቀርጻል፣ ከዚያ ተዋንያኑ ከራሳቸው እንዲፈጥሩ ይለቃቸዋል። በ2004 ከሠራው «አንከርማን» የተረፈው ቀረጻ ሌላ ሙሉ ፊልም ወጥቶታል።

የሚያናድደኝ ግን ልጅነቱ ያልለቀቀውን አዋቂ ሲጫወቱ ልጅ ለመምሰል መሞከር ነው። ድምፅ ማቅጠን፣ ከንፈር መጣል፣ ዓይን ማጉረጥረጥ። ኧረ ተዉ! በ«ስቴፕ ብራዘርስ» አንዱ 39፣ ሌላው 40 ዓመቱ ነው፤ ሁለቱም ከወላጅ ቤት አልወጡም። ከበሮዬን ነካህ ተባብለው ሲጣሉ ግን የአገር ድንበር የተጣሰ ነው የሚመስለው። ልጅ መሆናቸውን አያውቁትም። ቀልዱን ሸምድደነው እንኳ ደግመን የምናየው ለዚህ ይመስለኛል፤ ቁጣው የምር ነው። አንድ ጺማም ተዋናይ በትራስ እንዲጣላ አዘዝኩት። ሦስት ጊዜ እየተሞላቀቀ ሠራው፣ ማንም አልሳቀም። «ትራስህን ሳይሆን ቤትህን ነው የቀማህ» አልኩት። አራተኛው ላይ ድምፅ ቀራጩ አፉን ይዞ ሮጠ።

ሁሉንም እብድ አታድርጉ። ሪቻርድ ጄንኪንስና ሜሪ ስቲንበርገን ወላጆቹን ሆነው ሲጫወቱ እውነተኛ የቤተሰብ ድራማ ውስጥ ያሉ ይመስላሉ። አባትየው አንጀቱ ባያርር ኖሮ የልጆቹ እብደት በምን ይለካል?

ያለ ስክሪፕት ስትጫወት አብሮህ የሚተውነው «ቤቱ እየሰመጠ ነው» ካለ «የለም» አትበል። ተቀበልና ጨምርበት። (ይህን የሚያጣምሙት ብዙ ናቸው። ገጸ ባህሪያቱ መጣላት ይችላሉ፤ የቤቱን መስመጥ ግን ሁለቱም ማመን አለባቸው።)

በሁለት ካሜራ ሁለቱንም ፊት እኩል ቅረጹ። ድንገት የመጣ ቀልድ መልሱም ድንገተኛ ነው፤ «እስቲ ድገመው» ሲባል ይሞታል።

ከካሜራ ጀርባ ያላችሁ ደግሞ አፋችሁን ያዙ። በእኔ ሳቅ የተበላሸው ምርጥ ቀረጻችን እስካሁን ሃርድ ዲስኬ ውስጥ አለ።