የክልል ስቶክ ካር ሾፌር ሊያስወግዳቸው የሚገቡ ስህተቶች

የመኪና እሽቅድድም ሲባል ብዙዎቻችን ፎርሙላ ዋን ነው ትዝ የሚለን። አሜሪካ ውስጥ ግን ናስካር፣ ማለትም ስቶክ ካር የሚባሉ ተራ የቤት መኪና የሚመስሉ መኪኖችን የሚያወዳድረው ድርጅት፣ የራሱ ትልቅ ዓለም ነው። በቴሌቪዥን ከሚታየው ናስካር ሥር ደግሞ ሌላ አለ፤ በየክፍለ ግዛቱ የተበተኑ ትንንሽ ትራኮች። የብዙዎቹ ዙሪያ ከ400 እስከ 800 ሜትር ቢሆን ነው። ቅዳሜ ማታ መብራቱ ይበራል፣ የሰፈሩ ሰው ልጆቹን ይዞ ይመጣል፣ ሳምንቱን ሙሉ ሥራ ላይ የዋለ ሰው ሄልሜቱን አጥልቆ ይወዳደራል። ኖርዝ ካሮላይና፣ ዊንስተን ሴለም ከተማ ያለው ቦውማን ግሬይ ስታዲየም የናስካርን ውድድር ማስተናገድ የጀመረው በ1949 ነው። (እዚህ የምጠቅሳቸው ዓመቶች ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።)

በዚህ ደረጃ የሚወዳደሩ ሾፌሮችን ታሪክ ስከታተል አንድ ነገር እየተደጋገመ ያሳዝነኛል። ፈጣን ልጆች ይጠፋሉ። የሚያጠፋቸው ደግሞ አብዛኛውን ጊዜ መሪ ላይ ሆነው የሠሩት ስህተት አይደለም፤ ከመኪናው ከወረዱ በኋላ የወሰኑት ውሳኔ ነው።

ሳይደርሱ መውጣት

አንድ ወጣት በአካባቢው ትራክ ደጋግሞ ማሸነፍ ሲጀምር ዙሪያው ያለው ሰው ሁሉ «አሁንማ ምን ትጠብቃለህ?» ይለዋል። አባትም ይለዋል፣ ጓደኛም ይለዋል። ከባዱ ስህተት የሚሠራው እዚህ ጋ ነው።

ማርክ ማርቲንን እንውሰድ። የአርካንሳስ ልጅ ነው። ኤ.ኤስ.ኤ በተባለው የአጭር ትራክ ውድድር በ1978፣ በ1979 እና በ1980 ተከታትሎ ሻምፒዮን ሆነ። ገና ሃያዎቹን መጀመሩ ነበር። በ1981 የራሱን መኪና ይዞ በናስካር ዋናው ውድድር ላይ ብቅ አለ። የተወዳደረው አምስት ጊዜ ብቻ ነው፤ ከአምስቱ በሁለቱ በማጣሪያው አንደኛ ወጥቶ ከሁሉም ፊት ተነሳ። እንዲህ ያለ ጅማሬ ማንንም ያሳስታል። በሚቀጥለው ዓመት ወቅቱን ሙሉ ለመወዳደር ወሰነ። ፍጥነቱ ነበረው፣ ገንዘቡ ግን አልዘለቀም። የቡድኑን ንብረት ለመሸጥ ተገደደ። በ1983 ደግሞ የሌላ ሰው መኪና ለመንዳት ተቀጠረ፤ ጥቂት እንደተወዳደረ ተሰናበተ።

ችግሩ ችሎታ እንዳልነበረ የኋላ ታሪኩ ይመሰክራል። ማርቲን ወደ ኤ.ኤስ.ኤ ተመለሰ። ትናንት ሻምፒዮን ሆኖ የተሰናበታቸው ትራኮች ላይ እንደገና ተሰለፈ፤ ይህ ለኩሩ ሰው ቀላል አይደለም። በ1986 ለአራተኛ ጊዜ ሻምፒዮን ሆነ። በ1988 የቡድን ባለቤቱ ጃክ ራውሽ ለአዲሱ ቡድኑ ቀጠረው። ከዚያ በዋናው ውድድር 40 ጊዜ አሸንፏል፤ በ2017 የስፖርቱ ታላላቆች የሚከበሩበት የናስካር የዝና አዳራሽ ውስጥ ገብቷል።

ሁሉም ማርቲን አይደለም። ብዙው አንዴ ከወደቀ አይመለስም። ስለዚህ ወደ ላይ ከመውጣት በፊት መጠየቅ ያለበት ጥያቄ «እችላለሁ ወይ?» ብቻ አይደለም። መኪናው የማን ነው? ቢጋጭ ማን ይከፍላል? ገንዘቡ ለስንት ውድድር ይበቃል? ሦስተኛው ሞተር ቢነድስ? ለእነዚህ ጥያቄዎች በወረቀት የሰፈረ መልስ የሌለው ልጅ አንድ ዓመት ቢቆይ ምንም አይጎድልበትም።

የቅዳሜውን ትራክ መሸጋገሪያ ብቻ አድርጎ ማየት

ይህኛው ከመጀመሪያው ይልቅ ያናድደኛል። «ትልቁ ናስካር ካልደረሰ ምን ሠራ?» የሚል አነጋገር አለ። እንዲህ የሚያስብ ሾፌር ሥራውን ሳይወደው ያረጃል።

ሪቺ ኢቫንስ የኒውዮርኳ ሮም ከተማ ሰው ነበር። የሚነዳው ሞዲፋይድ የሚባለውን ዝቅና ሰፋ ያለ፣ የፊት ጎማው ከአካሉ ውጭ የሆነ መኪና ነው። ብርቱካናማ ቀለም፣ 61 ቁጥር። የናስካር ሞዲፋይድ ሻምፒዮን ዘጠኝ ጊዜ ሆኗል፤ አንዴ በ1973፣ ከዚያ ከ1978 እስከ 1985 ስምንቱን ዓመት ሳያቋርጥ። በጥቅምት 1985 ማርቲንስቪል ትራክ ላይ ልምምድ ሲያደርግ በግጭት ሞተ። የዚያን ዓመት ዋንጫ አስቀድሞ ማረጋገጡን ልብ በሉ። በ2012 ናስካር በዝና አዳራሹ ሲያስገባው፣ ስሙ የተጻፈው ከናስካር ዝነኞቹ ከኬል ያርቦሮና ከዳረል ዋልትሪፕ ጋር ነው። ኢቫንስ ትልቅ ሰው ለመባል ከሰሜን ምሥራቅ አጫጭር ትራኮች መውጣት አላስፈለገውም።

የሚገርመው፣ በ1970ዎቹ የሞዲፋይድ ሻምፒዮንነትን ስድስት ጊዜ ያሸነፈው ጄሪ ኩክም የዚያችው የሮም ሰው ነው። ሁለቱም የዝና አዳራሽ ገብተዋል። ለአንዲት መካከለኛ ከተማ ይህ ቀላል ኩራት አይደለም።

የዊስኮንሲኑ ዲክ ትሪክል በ1972 ብቻ 67 ውድድር አሸንፏል። ዕድሜውን ሙሉ በአጭር ትራክ ያሸነፈው ከሺህ እንደሚበልጥ ይነገራል። በናስካር ዋናው ውድድር የዓመቱ ምርጥ አዲስ ሾፌር የተባለው 48 ዓመት በሞላበት በ1989 ነው። እዚያ ነጥብ የሚያዝበት ውድድር አንድም ጊዜ አላሸነፈም። ግን ዊስኮንሲን ሄዶ «ትሪክል አልተሳካለትም» የሚል ሰው ካለ ጠብ ፈልጎ ነው።

የዛሬውን ዘመን ምሳሌ ለሚፈልግ ደግሞ ጆሽ ቤሪ አለ። ታዋቂው የናስካር ሾፌር ዴል ኧርንሃርት ጁኒየር እሱን ያወቀው ኮምፒውተር ላይ በሚካሄድ እሽቅድድም ነው። ከዚያ በኋላ አሥር ዓመት ገደማ ሌት ሞዴል የሚባለውን የአካባቢ መኪና ነዳ። በ2020 የናስካር ሳምንታዊ ውድድሮች ብሔራዊ ሻምፒዮን ሆነ። በዋናው ውድድር የመጀመሪያ ድሉን ያገኘው በመጋቢት 2025 ላስ ቬጋስ ላይ ነው፤ 34 ዓመቱ ነበር። እነዚያ አሥር ዓመታት ባክነዋል የሚል ካለ፣ ቤሪ ጎማ እንዴት እንደሚቆጥብ ተመልክቶ ይፍረድ።

ያለውን ሁሉ መኪናው ላይ መጨረስ

በዚህ ደረጃ የሽልማት ገንዘብ ወጪን አይሸፍንም። ጎማ አለ፣ ነዳጅ አለ፣ የምዝገባ ክፍያ አለ፣ መኪናውን የሚጎትተው ተሽከርካሪና ተሳቢው አለ። ልጁ ግን ያለውን ሁሉ በአዲስ ሞተር ላይ ያውለውና በሦስተኛው ሳምንት ይጋጫል። መጠገኛ የለውም። ወቅቱ እዚያው አበቃ። ሻምፒዮናን የሚያመጣው ደግሞ በየሳምንቱ መገኘት ነው። ስለዚህ ደከም ባለ ሞተር ወቅቱን ሙሉ መሮጥ፣ በምርጥ ሞተር ግማሹን ከመሮጥ ይሻላል።

ከዚህ ጋር የሚሄድ ሌላ ጥፋት ስፖንሰር አያያዝ ነው። የአካባቢ ስፖንሰር ማለት የጎማ ሱቅ፣ የቧንቧ ሠራተኛ፣ ምግብ ቤት ነው። ሾፌሩ ብሩን ተቀብሎ ስሙን መኪናው ላይ ይለጥፋል፣ ከዚያ እስከሚቀጥለው ዓመት ድምፁ ይጠፋል። እንዴት ያሳዝናል! መኪናውን አንድ ቅዳሜ ጠዋት ሱቁ ደጃፍ አቁሞ ልጆች ፎቶ እንዲነሱ ማድረግ ምን ይከብዳል? ስላሸነፈበትም ስለተሸነፈበትም ሳምንት ደውሎ መንገር? በትልቁ ውድድር እንኳ ስፖንሰር እንዴት እንደሚሸሽ በ2020 የናስካር ሾፌሩ ካይል ላርሰን ላይ አይተናል። ኮምፒውተር ላይ በሚካሄድ እሽቅድድም ወቅት በተናገረው አንድ ዘረኛ ቃል ስፖንሰሮቹ ጥለውት ሄዱ፣ ቡድኑም አባረረው። በሚቀጥለው ዓመት ከሌላ ቡድን ጋር ሻምፒዮን ሆኖ ተመልሷል። የምግብ ቤቱ ባለቤት ግን ሁለተኛ ዕድል ላይሰጥ ይችላል።

መኪናውን ለመካኒኩ ብቻ መተው

ሾፌሩ ከልምምድ ወርዶ «መኪናው ልክ አይደለም» ብቻ ካለ ማንም ሊረዳው አይችልም። ኩርባው መግቢያ ላይ ነው? መሀሉ ላይ? ወይስ ሲወጣ ነዳጅ ሲሰጥ? የፊቱ አልታጠፍ ብሎ ወደ ግንቡ ይገፋል ወይስ የኋላው ያመልጣል? ለእያንዳንዱ መፍትሔው ይለያያል።

ኦቫል በሚባለው ሞላላ ትራክ ላይ መኪናው ወደ ግራ ብቻ ነው የሚታጠፈው። ስለዚህ የቀኙ የኋላ ጎማ ዙሪያው ከግራው ከፍ ይላል፤ ልዩነቱ ትንሽ ሲቀየር የመኪናው ጠባይ ይቀየራል። የጎማ አየር፣ ሞላ፣ በአራቱ ጎማዎች ላይ የሚያርፈው ክብደትም እንዲሁ። ትልቁ ጥፋት ብዙውን በአንድ ጊዜ መነካካት ነው። መኪናው ቢሻሻል የትኛው እንዳሻሻለው አይታወቅም። አንድ ነገር ቀይሩ፣ ሞክሩ፣ ደብተር ላይ ጻፉ። የሰማዩን ሁኔታና የትራኩን ሙቀትም ጭምር።

አለን ኩልዊኪ ከዊስኮንሲን አጫጭር ትራኮች የተነሳው ሜካኒካል ኢንጂነሪንግ ተምሮ ነው። በራሱ ትንሽ ቡድን በ1992 የናስካር ሻምፒዮን ሆነ። ዲግሪ ግዴታ ነው አልልም። የገዛ መኪናውን መረዳት ግን ግዴታ ነው።

ደንብን በግማሽ ማንበብ

ፔንሳኮላ፣ ፍሎሪዳ ላይ በየታኅሣሡ የሚካሄደው ስኖውቦል ደርቢ ከአጭር ትራክ ውድድሮች ሁሉ በጣም የሚከበር ነው። በ2013 ቼዝ ኤሊየት አንደኛ ወጣ። ከውድድሩ በኋላ በተደረገው ፍተሻ ግን ደንቡ የማይፈቅደው ተንግስተን ከሚባል ከባድ ብረት የተሠራ ክብደት መኪናው ውስጥ ተገኘና ድሉ ተሰረዘ። ዋንጫው ለኤሪክ ጆንስ ተሰጠ። ኤሊየት የታወቀ ቤተሰብ ልጅ ነው፣ ጥሩ ቡድን ነበረው፣ ግን አላዳነውም። ደንቡ በየትራኩ ስለሚለያይ፣ ትራክ በቀየሩ ቁጥር ወረቀቱን ከመጀመሪያው ገጽ ማንበብ ያስፈልጋል።

ቂም ይዞ መንዳት

ባለፈው ሳምንት የገጨህ ሰው ዛሬም አጠገብህ ነው። ትራኩ አንድ ነው፣ ሰዉም ያው ነው። ብድር ለመመለስ የሚነዳ ሰው የራሱን መኪና ይሰብራል፣ ሌላውም ይቀየመዋል። ከመኪና ወርዶ ትራክ ላይ መቆም ደግሞ ሕይወት ያስከፍላል። በነሐሴ 2014 ኒውዮርክ፣ ካናንዴይጓ ውስጥ አንድ የ20 ዓመት ሾፌር ከግጭት በኋላ ወርዶ ወደ መኪኖቹ ሲራመድ ተገጭቶ ሞተ። ውድድሩ የስቶክ ካር አልነበረም፤ ናስካር ግን በዚያው ወር ደንብ አወጣ። እሳት ወይም ጭስ ከሌለ፣ ሠራተኞች እስኪደርሱ ከመኪና አይወረድም።

ራስን ከመኪናው አሳንሶ ማየት

በየካቲት 2001 የናስካሩ ዝነኛ ሾፌር ዴል ኧርንሃርት፣ የጁኒየር አባት፣ ዴይቶና ትራክ ላይ ሞተ። የገደለው የራስ ቅሉ ሥር መሰበር ነው። በዚያው ዓመት ጥቅምት ናስካር ጭንቅላትና አንገትን የሚይዘውን መከላከያ በትልልቆቹ ውድድሮች ላይ ግዴታ አደረገ። የትልልቆቹ ትራኮች ግንብ ዛሬ ግጭቱን በሚያለዝብ የብረትና የፎም ግድግዳ ተሸፍኗል። የሰፈር ትራክ ላይ ግን አብዛኛውን ጊዜ ደረቅ ሲሚንቶ ነው። ስለዚህ የቅዳሜ ሾፌር ከባለሙያው የበለጠ እንጂ ያነሰ መከላከያ አይበቃውም። ቀበቶም ያረጃል፤ ቀኑን ተመልከቱ። አዲስ ጎማ ገዝቶ ያረጀ ቀበቶ የሚያስር ሰው ሳይ ልቤ ይደማል።

ጭንቅላት ከተመታ በኋላ ዝም ማለት የባሰ ነው። ዴል ኧርንሃርት ጁኒየር ሕመሙን ለዓመታት እንደደበቀ፣ ምልክቶቹን ስልኩ ላይ ብቻ ይጽፍ እንደነበር በኋላ ራሱ ተናግሯል። በ2016 የወቅቱን ግማሽ ሳይወዳደር ቀረ። የእሱን መቀመጫ የሚጠብቅለት ትልቅ ቡድን ነበረው። የአካባቢ ሾፌር ሰኞ ጠዋት ሥራ መግባት አለበት። ራስ ምታት፣ ማቅለሽለሽ፣ መብራት ሲያዩ መቸገር፣ የሰው ስም መርሳት ካለ፣ ለቤተሰብ በዚያው ማታ መንገር፣ ሐኪም ጋ መሄድ፣ ሐኪሙ እስኪፈቅድም መኪናውን ተሳቢው ላይ እንደተጫነ መተው ነው።