ኢኩቫለንት ክብደትን ለማስላት፦ አስቀድሞ አጸግብሮቱን መጻፍ

የአንድ ውሁድ ኢኩቫለንት ክብደት የሚገኘው ሞላር ክብደቱን (የአንድ ሞል፣ ማለትም የኬሚስቶች መቁጠሪያ የሆነው አንድ መጠን፣ ክብደት በግራም) ለአንድ አካፋይ በማካፈል ነው። አካፋዩም አንድ ሞል ውሁድ በአጸግብሮቱ (በኬሚካላዊ ለውጡ) ውስጥ የሚሰጠው ወይም የሚቀበለው የሃይድሮጂን አዮን ወይም የኤሌክትሮን ሞል ብዛት ነው። ማካፈሉ ቀላል ሲሆን ስሕተት የሚበዛው አካፋዩን በመምረጥ ላይ ነው፤ ምክንያቱም ቁጥሩ የውሁዱ ብቻ ሳይሆን የአጸግብሮቱም ጠባይ ስለሆነ ነው። ስለዚህ ከማንኛውም ስሌት በፊት የተመጣጠነውን እኩልታ መጻፍ ያስፈልጋል።

በአሲዶች እንጀምር። አሴቲክ አሲድ በሞለኪዩሉ ውስጥ አራት ሃይድሮጂኖች ቢኖሩትም ለቤዝ የሚሰጠው አንዱን ብቻ ስለሆነ ኢኩቫለንት ክብደቱ ከሞላር ክብደቱ ጋር እኩል፣ ማለትም 60.05 ግራም ነው። ሰልፈሪክ አሲድ በሶዲየም ሃይድሮክሳይድ ሙሉ በሙሉ ገለልተኛ ሲደረግ 98.08 ለ2 ተካፍሎ 49.04 ግራም ይሆናል። ፎስፎሪክ አሲድ ግን የበለጠ ጥንቃቄ ይሻል፤ አንድ ሃይድሮጂን ብቻ በሚተካበት ቲትሬሽን (መጠኑ የታወቀ ብጥብጥ ቀስ በቀስ እየጨመሩ የሚደረግ ልኬት) 98.00፣ ሁለት ሲተኩ 49.00፣ ሦስቱም ሲተኩ 32.67 ግራም ነው። ከእነዚህ የትኛው እንደሚሠራ የሚወስነው ቲትሬሽኑ የሚቆምበት ነጥብ ነው። ለቤዞችና ለጨዎችም ሕጉ ያው ነው፦ ካልሲየም ካርቦኔት ከአሲድ ጋር ሙሉ በሙሉ ሲጸገብር ሁለት የሃይድሮጂን አዮኖች ስለሚቀበል 100.09 ለ2 ተካፍሎ 50.04 ግራም ይሆናል።

በኦክሲዴሽንና ሪዳክሽን (ኤሌክትሮን በመስጠትና በመቀበል) የሚቆጠረው ኤሌክትሮን ነው። ሞላር ክብደቱ 158.03 ግራም የሆነው ፖታሲየም ፐርማንጋኔት ከሁሉ የተሻለ ማስተማሪያ ይመስለኛል። በአሲዳማ ብጥብጥ የማንጋኒዝ የኦክሲዴሽን ቁጥር ከ+7 ወደ +2 ስለሚወርድ አካፋዩ 5፣ ኢኩቫለንት ክብደቱም 31.61 ግራም ነው፤ በገለልተኛ ብጥብጥ ወደ +4 ወርዶ ማንጋኒዝ ዳይኦክሳይድ ስለሚሆን አካፋዩ 3፣ ክብደቱ 52.68 ነው፤ በብርቱ ቤዛዊ ብጥብጥ ወደ +6 ብቻ ሲወርድ ደግሞ 158.03 ሆኖ ይቀራል።

ኢኩቫለንት ክብደቱ ከታወቀ በኋላ የኢኩቫለንቱ ብዛት የናሙናው ግራም ለኢኩቫለንት ክብደቱ ሲካፈል የሚገኘው ነው፤ ይህ ብዛት በሊትር ለተለካው የብጥብጡ ይዘት ሲካፈል ኖርማሊቲን (በአንድ ሊትር ያለውን የኢኩቫለንት ብዛት) ይሰጣል። ለምሳሌ 250 ሚሊሊትር 0.1 ኖርማል ኦክሳሊክ አሲድ ለማዘጋጀት ሁለት የውኃ ሞለኪዩሎች ያሉትን ክሪስታል እንወስዳለን። ሞላር ክብደቱ 126.07፣ አካፋዩ 2፣ ኢኩቫለንት ክብደቱ 63.03 ስለሆነ 63.03 × 0.1 × 0.25 = 1.576 ግራም ይመዘናል። የክሪስታሉን ውኃ መዘንጋት ውጤቱን በእጅጉ ያዛባል፤ ስለዚህ የዕቃውን ምልክት አንብቦ መመዘን ግድ ነው።

የውኃ ጥንካሬ (በውኃ ውስጥ የሟሟው የካልሲየምና የመሰሎቹ አዮኖች መጠን) የሚገለጸውም በዚሁ መንገድ ነው። በአንድ ሊትር 80 ሚሊግራም የካልሲየም አዮን ያለበት ውኃ፣ የካልሲየም ኢኩቫለንት ክብደት 20.04 ስለሆነ፣ 3.99 ሚሊኢኩቫለንት (የኢኩቫለንት ሺህኛ) ይይዛል፤ ይህን በ50.04 ስናባዛ በካልሲየም ካርቦኔት ሲለካ 200 ሚሊግራም ገደማ ይሆናል። በሁለቱም በኩል የሚተካከለው ኢኩቫለንቱ እንጂ ግራሙ አይደለም።

በጠርሙስ ላይ «0.1 ኖርማል ፐርማንጋኔት» ብሎ ብቻ መጻፍ አይበቃም። ለአሲዳማ ቲትሬሽን የተዘጋጀው ያ ብጥብጥ 0.02 ሞላር (በሊትር 0.02 ሞል) ስለሆነ በገለልተኛ ብጥብጥ ሲሠራበት 0.06 ኖርማል ብቻ ነው፤ ስለዚህ ሞላሪቲው እና የታሰበው አጸግብሮት አብረው ይጻፉ።