የዛሬን ፖለቲካ በድሮ ታሪክ የሚነካ የቴሌቪዥን ስላቅ እንዴት ይሠራል?

መጀመሪያ ከዜናው ያናደዳችሁን አንድ ነገር ያዙ። ድርጊት ይሁን፣ ሰው አይሁን። «እገሌ ሌባ ነው» ቀልድ አይወጣውም። «ኃላፊው ስብሰባ ላይ ናቸው» ግን ይወጣዋል። ሐዋሳ ውስጥ አንዲት ፊርማ ፍለጋ ሦስት ቀን የተመላለሰ ሁሉ ያውቃታል።

ቀጥሎ ያው ድርጊት ድሮ የታየበትን ፈልጉ። ለዚህኛውማ አለላችሁ። ዳግማዊ ምኒልክ ታኅሣሥ 3 ቀን 1906 ዓ.ም. ሲያርፉ ቤተ መንግሥቱ ሞታቸውን ደብቆ ቆየ። እዚህ ላይ ተጠንቀቁ፦ ከፈረንጅ መጽሐፍ 1913 ብላችሁ ገልብጣችሁ «ዓ.ም.» እንዳትለጥፉበት። እኔ አንዴ እንዲህ ተዋርጃለሁ፤ ሰዉ ቀልዱን ትቶ ስለ ቀኑ ሲከራከር ዋለ።

አሁን ጻፉ። ታሪኩ እውነት፣ ጨዋታው ፈጠራ። አንድ የግቢ በረኛ ፍጠሩ፤ ባለጉዳይ ይምጣበት።

«ጃንሆይ አሉ?»
«ስብሰባ ላይ ናቸው።»
«መቼ ይወጣሉ?»
«ነገ ተመለስ።»

በቃ፣ እዚህ ጋ ቁረጡት። «ልክ እንደ ዛሬው መሥሪያ ቤት» ብትሉ አለቀላችሁ። ሰሙን ስጡት፤ ወርቁን ተመልካቹ ራሱ ያውጣ። አዝማሪ ግጥሙን ከነትርጉሙ ሲሰጥ አይታችሁ ታውቃላችሁ?

ለምስሉ ስቱዲዮ የለንም ብላችሁ አትጨነቁ። ጠዋት ሐዋሳ ሐይቅ ዳር ወዳለው የዓሣ ገበያ፣ አሞራ ገደል ውረዱ። አባ ኮዳ የሚባሉት ትልልቅ ወፎች ዓሣ የሚበልቱትን ሰዎች ከበው ቆመዋል። ጥቁር ካባ ደርበው፣ አንገታቸውን ቀብረው፣ ኮስተር ብለው ትርፍራፊ ይጠብቃሉ። ግብር የሚጠብቅ መኳንንት ለማሳየት ከነሱ የተሻለ ተዋናይ በደመወዝ አይገኝም። (ዓሣ የሚበልቱትን ግን ሳታስፈቅዱ አትቅረጹ።) ድምፃችሁን ከላይ ደርቡበት። ስታነቡ አትሳቁ፤ የመርዶ ነጋሪ ፊት ይኑራችሁ።

ብሔርና ሃይማኖት የሚነካ ቃል ካለ አውጡት። አዋጅ ቁጥር 1185/2012 የጥላቻ ንግግርን ያስቀጣል፤ ደግሞም እንዲህ ያለው ቀልድ ከስድብ አይዘልም።

ከማሰራጨታችሁ በፊት ለባጃጅ ሹፌር አሳዩት። ድሮ «እረኛ ምን አለ?» ይባል የለ? የኛ ከተማ እረኛ እሱ ነው። «ይሄማ የኛ ቀበሌ ነው!» ካለ ልቀቁት። «ከዚያስ?» ካለ ግን ወደ በረኛው ተመለሱ።