ስፕሩስ ሲደርቅ፦ መጀመሪያ ከየት እንደጀመረ እዩ

ስፕሩስ የሚባለው፣ ቅጠሉ እንደ መርፌ የሆነ የጊቢ ዛፍ ቡናማ መሆን ሲጀምር ብዙ ሰው ቶሎ ብሎ መድኃኒት ይገዛል። እባካችሁ ትንሽ ታገሱና ዛፉን ዙሩት። ድርቀቱ ከታች ነው የጀመረው ከላይ? ከውስጥ ነው ከጫፍ?

የታችኞቹ ቅርንጫፎች ከግንዱ በኩል እየሳሱ ከመጡ፣ ሪዞስፌራ የሚባለውን ፈንገስ ጠርጥሩ። የጫፉ አዲስ ቅጠል አረንጓዴ ሆኖ ይቆያል፤ የቆየው ግን ወደ ሐምራዊ ቡናማ ተለውጦ ይረግፋል። ሰማያዊው የኮሎራዶ ስፕሩስ በተለይ ይጠቃል። አንድ ቅጠል ቆርጣችሁ በአጉሊ መነጽር እዩት። በጤነኛ ቅጠል ላይ የተደረደሩት ነጥቦች ነጭ ናቸው፤ በታመመው ላይ ጥቁር ይሆናሉ። መዳብ ወይም ክሎሮታሎኒል ያለበት ፀረ ፈንገስ ይረዳል፣ ጊዜው ከተጠበቀ። በጸደይ አዲሱ ቅጠል ግማሽ ያህል ሲያድግ አንዴ ይረጫል፣ ከ3 እስከ 4 ሳምንት በኋላ ይደገማል። ቢያንስ 2 ዓመት መቀጠል አለበት። ሣር የምታጠጡበት ውሃም ቅርንጫፉን አያርጥበው፤ ፈንገሱ እርጥበት ይወዳል። አንድ ነገር ግን እወቁ፦ ስፕሩስ ከተራቆተ አሮጌ እንጨት አያቆጠቁጥም። የምታድኑት የቀረውን ነው።

አንድ ቅርንጫፍ ብቻውን ሙሉ በሙሉ ሞቶ፣ ነጣ ያለ ሙጫ ከፈሰሰበት ሳይቶስፖራ የሚባለው የፈንገስ በሽታ ነው። ለዚህ የሚረጭ መድኃኒት የለም። በደረቅ ቀን ቅርንጫፉን ቁረጡ፣ መቀሱን በየመሃሉ በአልኮል ጥረጉ። በሽታው የሚበረታው በተጠማ ዛፍ ላይ ስለሆነ፣ በድርቅ ጊዜ ሥሩን ጠለቅ አድርጋችሁ አጠጡ።

ቅጠሉ አቧራ የነካው መስሎ ከገረጣና ቀጭን ድር ከታየበትስ? ነጭ ወረቀት ከቅርንጫፉ ሥር ይዛችሁ መታ መታ አድርጉት። የሚንቀሳቀሱ ነጠብጣቦች ከወረዱ፣ የሸረሪት ዘመድ የሆኑ ጥቃቅን ተባዮች ናቸው። የሚባዙት ቀዝቀዝ ባለው የጸደይና የመኸር አየር ነው። በኃይለኛ ውሃ እጠቧቸው። ሁሉን የሚገድል ፀረ ተባይ ግን አልመክርም፤ እነሱን የሚበሉትን ነፍሳት ጨርሶ ችግሩን ያባብሰዋል። ዘይት መርጨትም የሰማያዊውን ስፕሩስ ቀለም ያጠፋዋል።

ጫፉ ብቻ ጠውልጎ እንደ ከዘራ ከተቆለመመ፣ ውስጡ የነቀዝ እጭ አለ። በጋው ሳይጋመስ ጤነኛ እንጨት እስኪገኝ ድረስ ቁረጡና አቃጥሉት። ከጎን ቅርንጫፎች አንዱን ቀና አድርጋችሁ እሰሩት፤ አዲሱ ጫፍ እሱ ይሆናል።

ዛፉ በሙሉ ከደከመና እድገቱ ከቆመ አፈሩን ፈትሹ። ግንዱ ከሥሩ ሰፋ ሳይል እንደ ምሰሶ ቀጥ ብሎ ከገባ፣ ጠልቆ ተተክሏል ማለት ነው። ሥሩ መስፋት የሚጀምርበት ቦታ እስኪታይ አፈሩን በቀስታ አንሱ። በዛፉ ዙሪያ አፈሩ ላይ የሚነጠፈው ጉዝጓዝ ከ5 እስከ 10 ሳንቲ ሜትር ይበቃዋል፣ ግንዱን ግን አይንካ።

ጫፍ ላይ አናናስ የሚመስል እባጭ ካያችሁ አትደንግጡ። መልክ ያበላሻል እንጂ ዛፉን አይገድልም። አረንጓዴ ሳለ፣ ሳይከፈት፣ ቆርጣችሁ ጣሉት።