የወላጆቻችሁን የልብ ምት ቁጠሩ

እናት ወይም አባታችሁ ነገር መርሳት ሲጀምሩ «እርጅና ነው» ብላችሁ ከማለፋችሁ በፊት የልብ ምታቸውን ቁጠሩላቸው። የላይኞቹ የልብ ክፍሎች በሥርዓት መኮማተራቸውን ትተው ሲርገበገቡ የልብ ምት ይዛባል፤ ደምም በውስጣቸው ሊረጋ ይችላል፤ ከረጋው ደም የሚለዩ ደቃቅ ቅንጣቶችም የአንጎልን ትንንሽ የደም ሥሮች ስለሚዘጉ፣ ስትሮክ ታይቶበት የማያውቅ ሰው እንኳ የማስታወስ ችሎታው ቀስ በቀስ ሊዳከም ይችላል።

ከራስ መኰንን ድልድይ ተነሥተው ዳገቱን ወደ ፒያሳ የወጡ እንደሆነ በቅድሚያ 5 ደቂቃ ያህል ይረፉ። ከዚያም ሌባ ጣታችሁንና የመሃል ጣታችሁን ከአውራ ጣታቸው ሥር ባለው የእጅ አንጓ ላይ አሳርፋችሁ 1 ሙሉ ደቂቃ ቁጠሩ። በእረፍት ጊዜ ከ60 እስከ 100 የተለመደ ነው፤ ቁጥሩ ደህና ሆኖ ምቱ ሊዛባ ስለሚችል ግን ከቁጥሩ ይልቅ ወጥነቱን እንድታስተውሉ አጥብቄ እለምናለሁ።

ምቱ ከተዛባ ሳትዘገዩ ኢሲጂ (የልብን የኤሌክትሪክ እንቅስቃሴ የሚመዘግብ ምርመራ) አስነሡ። በአገራችን የሩማቲክ የልብ ሕመም (በልጅነት የጉሮሮ ሕመም መዘዝ የልብ በሮችን የሚጎዳ በሽታ) ብዙ በመሆኑ ችግሩ በወጣቶችም ላይ ይታያል። ሐኪሙ የደም መርጋትን የሚከላከለውን ዋርፋሪን ካዘዘ የደም ምርመራው ቀጠሮ አይታለፍ፤ በጾም ወራት ጎመን በድንገት ሲበዛ የመድኃኒቱን ኃይል ስለሚቀንስ ይህም ለሐኪሙ ይነገር።