ቤይ ዊንዶው በራስ እጅ ሲተከል ሊወገዱ የሚገባቸው ስህተቶች

በሜሪላንድና በሰሜን ቨርጂኒያ ቤት ገዝተው ከተቀመጡ ወገኖቻችን መካከል ብዙዎቹ የሳሎናቸው ጨለማ ሲሰለቻቸው ቤይ ዊንዶው ማስገባት ያምራቸዋል። ሦስት መስኮቶች ተጋጥመው፣ የመሐሉ ከግድግዳው ጋር ትይዩ ሆኖ፣ የግራና የቀኙ በ30 ወይም በ45 ዲግሪ ታጥፈው ወደ ውጭ የሚወጡበት፣ ከሥሩ መቀመጫ ከላዩም ትንሽ ጣሪያ ያለው መስኮት ነው። እኔ በሲልቨር ስፕሪንግና በአካባቢው በአናጢነት ብዙ ዓመት ሠርቻለሁ፤ ራሴ ከተከልኳቸው ይልቅ ባለቤቶቹ ተክለዋቸው እኔ የጠገንኳቸው ይበዛሉ። የአብዛኞቹም ጥፋት የመነጨው ባለቤቱ ሥራውን እንደ መስኮት ቅያሪ ከመቁጠሩ ነው። ቤይ ዊንዶው ከግድግዳ ወደ አየር ተንጠልጥሎ የሚኖር ትንሽ ክፍል ነው፤ የራሱ ወለል፣ የራሱ ጣሪያ፣ የራሱም ክብደት አለው።

ግድግዳ የሚቆርጥ ሰው አስቀድሞ ምን እንደሚቆርጥ ይወቅ። አዲስ አበባ ቤት ያሠራ ሰው የለመደው ግድግዳ በኮለንና በቢም መካከል የተሞላ ብሎኬት ነው፤ ሸክሙን የሚይዘው የፌሮና የኮንክሪት አጽሙ ስለሆነ ብሎኬቱ ፈርሶ፣ አርክትራቭ ተደርጎ መስኮቱ ቢሰፋ ቤቱ አይናጋም። የዚህ አገር የእንጨት ቤት ግን በባሕርዩ የሚቀርበው ለገጠሩ የጭቃ ቤታችን ነው፤ ጣሪያውን የተሸከሙት ቋሚዎቹ ናቸው። ቋሚዎቹ አብዛኛውን ጊዜ በየ16 ኢንች (40 ሴንቲ ሜትር ገደማ) ስለሚቆሙ፣ 6 ጫማ ስፋት ያለው ክፍተት አራት ወይም አምስት ቋሚ ይበላል። እነዚህ ከመቆረጣቸው በፊት ከግድግዳው ትንሽ ወደ ውስጥ ገባ ብሎ የኮርኒሱን አግዳሚዎች የሚደግፍ ጊዜያዊ ግድግዳ መቆም አለበት፤ ከተቆረጡ በኋላም ሸክማቸውን ሄደር የሚባለው ወፍራም አግዳሚ ተቀብሎ በግራና በቀኝ ወደሚቆሙት ደጋፊ ቋሚዎች ማውረድ አለበት። የሄደሩ ውፍረት እንደ ክፍተቱ ስፋት፣ ከላዩ እንዳለው ፎቅና ጣሪያ፣ እንዲሁም እንደ አካባቢው የበረዶ ክብደት ስለሚለያይ የጎረቤት ቤት አይቶ መገመት አይቻልም። ነባሩን መስኮት በዚያው ስፋት የሚተካ ሰው ሄደር ቀድሞ ስለሚያገኝ ሥራው ይቀልለታል። ከ1930ዎቹ (እ.ኤ.አ.) በፊት በተሠሩ ብዙ ቤቶች ግን ቋሚው ከመሠረት እስከ ጣሪያ አንድ ወጥ ስለሚሆን፣ አንዱን ቋሚ መቁረጥ የሁለቱን ፎቆች እግር መቁረጥ ይሆናል። ጡቡና ብሎኬቱ ራሱ ሸክም በሚይዝበት ቤት ደግሞ ባለሙያ ይጠራ፤ ከዚህ በላይ የምለው የለኝም።

ክፍተቱን ማስፋት የግንባታ ፈቃድ ይጠይቃል። ተቆጣጣሪው ሄደሩን ማየት የሚፈልገው በጂፕሰም ከመሸፈኑ በፊት ስለሆነ፣ ፈቃዱን በኋላ አወጣለሁ ማለት ግድግዳውን ሁለት ጊዜ ማፍረስ ነው።

ልኬትን በሚመለከት ከራሴ ልጀምር። በሥራው አዲስ ሳለሁ ከውስጥ ያለውን የማስጌጫ ጣውላ ሳልነቅል፣ ከጣውላ እስከ ጣውላ ለክቼ አዘዝኩ። በልክ የታዘዘ መስኮት አይመለስም። ያ መስኮት ከክፍተቱ በአንድ ኢንች ተኩል በልጦ ስለመጣ ጋራዤ ውስጥ አንድ ክረምት ሙሉ ቆሞ ሲያየኝ ከረመ። ጣውላው ተነቅሎ፣ ወርዱም ቁመቱም ሦስት ሦስት ቦታ ተለክቶ ትንሹ ይያዝ፤ ከማዕዘን እስከ ማዕዘን ያለው ርቀትም በሁለቱም አቅጣጫ እኩል መሆኑ ይረጋገጥ። ክፍተቱ አብዛኛውን ጊዜ ከመስኮቱ ከግማሽ እስከ ሦስት ሩብ ኢንች ይሰፋል፤ የፋብሪካው መመሪያ ሌላ ካለ ግን የሚሠራው እርሱ ነው።

የመስኮቱ ክብደት ብዙ ጊዜ ከ300 እስከ 500 ፓውንድ ነው። ከቅዳሴ መልስ ሁለት ጓደኛ ጠርቶ «አንዴ ያዙልኝ» የሚባልለት ዕቃ አይደለም። መጀመሪያ ከውጭ በመስኮቱ ልክ ጠንካራ መድረክ ይሠራል፤ መስኮቱም በአራት ሰው ተነሥቶ እዚያ ላይ ያርፋል፤ እስኪታሰርም ድረስ መድረኩ አይነሣም።

ከዚያ በኋላ ክብደቱን ለዘለቄታው የሚይዘው ምንድን ነው? አንዳንዱ መስኮት ከሥሩ በሰያፍ በተተከሉ የእንጨት ድጋፎች ይያዛል። ብዙውን ግን የሚይዙት ሁለት የብረት ገመዶች ናቸው፤ ከመቀመጫው ሥር ተነሥተው በመስኮቶቹ መጋጠሚያ ውስጥ አልፈው ላይ ካለው ሄደር ወይም ቋሚ ጋር ይታሰራሉ። ስህተቱ የሚፈጸመው ከላይኛው ጫፍ ላይ ነው፦ ሄደሩን ፈልጎ ለማግኘት የሰነፈ ሰው ገመዱን የግድግዳው መሸፈኛ ኮምፔንሳቶ ላይ ያስረዋል። አንድ ቤት ተጠርቼ ስሄድ የጎኑ መስኮት አልዘጋ ብሎ ነበር። ባለቤቱ ትሑትና ትጉህ ሰው ነው፤ በመጀመሪያው ክረምት መስኮቱ ሲጣበቅበት የእንጨቱን ጠርዝ በመላጊያ ልጎታል፤ በሁለተኛው ክረምት ደግሞ ደግሞታል። ገመዱ የታሰረበት ብሎን ከኮምፔንሳቶው ቀስ በቀስ እየተነቀለ የመቀመጫው የውጭ ጠርዝ አንድ ጣት ያህል ወርዶ ነበር። መስኮቱን ከፍ አድርጌ ገመዱን ሄደሩ ላይ ካሰርኩለት በኋላ፣ ሁለት ጊዜ በተላገው ጠርዝ በኩል ነፋስ ያፏጭ ጀመር። ገመዱ ከሥሩ በሚጠብቅ ብሎን ስለሚስተካከል፣ መላጊያ ከማንሣት በፊት መፍቻ ማንሣት ይበጃል።

ውሃ ልክ በርዝመቱ ብቻ ሳይሆን ከውስጥ ወደ ውጭም ይቀመጥ፤ ሽብልቅ በእያንዳንዱ መጋጠሚያ ሥር ይግባ፤ የመጨረሻው ብሎን ከመጥበቁ በፊት የጎን መስኮቶቹ ተከፍተው ይዘጉ።

አሁን ትዕግሥቴን ወደሚያስጨርሰኝ ጉዳይ ልምጣ፤ እርሱም ሲሊከን ነው። ሰው ሥራውን እንደምንም ይጨርስና ውሃ የመከላከሉን ነገር ሁሉ ለአንድ ቱቦ ሲሊከን አደራ ይሰጣል። ሲሊከን እንጨቱ ሲያብጥና ሲሟሽሽ ይላቀቃል፤ ውሃ ግን ሥራ አይፈታም። ውሃን የሚያሸንፈው የንብብሩ ቅደም ተከተል ነው፤ ይህንንም የሣር ክዳን የሚከድኑ አባቶቻችን ያለ መመሪያ ያውቁት ነበር። ከዳኝ ከታች ይጀምራል፤ የላይኛው ሣር በታችኛው ላይ ይወድቃል፤ ዝናቡም ከሣር ወደ ሣር እየተላለፈ ወደ ደጅ ይወርዳል። መስኮትም እንዲሁ ነው። አስቀድሞ የክፍተቱ ወለል ጫፎቹ በጎንና በጎን ወደ ላይ በሚታጠፉ ውሃ የማያስገባ ተጣባቂ ይሸፈናል፤ መስኮቱ ይገባል፤ ከዚያ የጎኖቹ ተጣባቂ፣ ቀጥሎ የራስጌው ይለጠፋል፤ በመጨረሻም ግድግዳውን የሸፈነው ልባስ ከላይ በራስጌው ላይ ይወርዳል። የታችኛው ጠርዝ ግን ሳይደፈን ይቀራል። ጀማሪዎች በዚህ ይከራከሩኛል። ያልደፈንነው የገባው ውሃ የሚወጣበት በር እንዲኖረው ነው፤ ጥቂት ውሃ መግባቱ አይቀርምና።

ትንሹ ጣሪያ ደግሞ ከግድግዳው ጋር የሚገናኝበት መሥመር አለው፤ እዚያ ላይ የሚገባው ቆርቆሮ ከግድግዳው ልባስ ጀርባ መግባት ሲገባው ከፊቱ ተመትቶ በሲሊከን ሲደፈን ስንት ጊዜ አይቻለሁ! ባለፈው ዓመት ያፈረስኩት አንዱ፣ ሲሊከኑ እንደ ግንድ ቀለበት ይቆጠር ነበር፦ ነጭ፣ በላዩ ግራጫ፣ በላዩ ደግሞ ቡናማ፤ ባለቤቱ በየክረምቱ ያፈሰሰው ነው። ሥሩን በካቻቢቴ ብነካው ካቻቢቴው እስከ እጀታው ሰመጠ። ሄደሩ እንደ ራሰ ዳቦ ሆኗል፤ ገመዶቹም የታሰሩት እዚያው ሄደር ላይ ነበር።

ስለ ፎም አንድ ጥፋት እኔም አለብኝ። በክፍተቱና በመስኮቱ መካከል የሚረጨው ፎም ለመስኮትና ለበር ተብሎ የተሠራው፣ ብዙ የማያብጠው መሆን ሲገባው ለትልቅ ቀዳዳ የሚሆነውን ረጨሁ፤ በማግስቱ የመስኮቱ ጎን ወደ ውስጥ ጎብጦ አልከፈት አለ። መቀመጫውን ደግሞ ብዙ ሰው ይረሳዋል። ከሥሩ አየር ብቻ ስለሆነ ጠንካራ የፎም ሰሌዳ ካልተደረገለት በጥር ወር የተቀመጠበትን ሁሉ ያስነሣል፤ መስታወቱም ሥር ላብ ይቋጥራል።

መኝታ ቤት ውስጥ ለሚተክሉ የምሰጠው ማስጠንቀቂያ ሌላ ነው። የመሐሉ መስታወት አብዛኛውን ጊዜ የማይከፈት፣ የጎኖቹም ጠባብ ስለሆኑ፣ በእሳት ጊዜ ሰው የሚወጣበት ቀዳዳ ሳይታወቅ ይጠፋል። በብዙ ቦታ የሚሠራበት የግንባታ ደንብ (ኮድ) የተከፈተው ቦታ ወርዱ ቢያንስ 20 ኢንች፣ ቁመቱ 24 ኢንች፣ ስፋቱም 5.7 ካሬ ጫማ እንዲሆን፣ ታችኛው ጠርዝም ከወለሉ ከ44 ኢንች እንዳይበልጥ ያዛል። መቀመጫው ዝቅ ብሎ ትልቁ መስታወት ከወለሉ ከ18 ኢንች በታች የሚጀምር ከሆነ ደግሞ፣ ሲሰበር የማይቆርጠው ቴምፐርድ መስታወት ይታዘዝ፤ ልጆች መንበርከካቸው አይቀርም።

ከ1978 (እ.ኤ.አ.) በፊት የተሠራ ቤት ቀለሙ እርሳስ ሊኖርበት ስለሚችል፣ ሳይመረመር አቧራው አይነሣ። ሶኬት ካለም መብራቱ ከማብሪያ ሣጥኑ ይጥፋ።

የመጨረሻው ስህተት ከውስጥ ጂፕሰሙን ለመዝጋት መቸኮል ነው። ከመዘጋቱ በፊት አንድ ሰው የአትክልት ጎማ ይዞ ውጭ ይቁም፤ ሌላው ባትሪ ይዞ ከውስጥ ይመልከት። ውሃው ከታችኛው ጠርዝ ተጀምሮ፣ በየቦታው አሥር ደቂቃ ያህል እየቆየ፣ ወደ ጎኖቹ፣ ከዚያ ወደ ራስጌው፣ በመጨረሻም ወደ ጣሪያው መጋጠሚያ ይውጣ። ከላይ የጀመረ ሰው ሁሉንም በአንድ ጊዜ ያረጥብና ቀዳዳው የት እንደሆነ ሳያውቅ ይቀራል፤ ከታች የጀመረ ግን ከውስጥ «ገባ!» የሚል ድምፅ ሲሰማ እጁ ያለበት ቦታ ላይ ምልክት ያደርጋል።