የአየርላንድን ዘመናዊ ግጥም እንዴት እናንብብ?

የአየርላንድን ግጥም ማንበብ የሚፈልግ ሰው አብዛኛውን ጊዜ የሚጀምረው ከደብልዩ ቢ ዬትስ ነው፤ ስሙ ገናና ነው፣ በ1923 የኖቤል የሥነ ጽሑፍ ሽልማት ተቀብሏል፣ በየመድበሉም መግቢያ ላይ ይገኛል። እኔ ግን ዬትስን በኋላ ማንበብ ይሻላል ባይ ነኝ፤ ምክንያቱም የአገሩን ተረት፣ ፖለቲካና የራሱን የፍቅር ታሪክ አንባቢው አስቀድሞ ያውቃል ብሎ ስለሚጽፍ፣ አዲስ አንባቢ ከዳርቻው በፊት ጥልቀቱ ይደርሰውና መጽሐፉን ይዘጋዋል። ከሁሉ በፊት መጨበጥ ያለበት አንድ ነገር አለ፤ ይህ ግጥም በአብዛኛው በእንግሊዝኛ የተጻፈ ቢሆንም ከእንግሊዝኛው ሥር አይሪሽ የሚባል ሌላ ቋንቋ አለ፤ የማንበቡም ጥበብ በዋናነት ያንን የታችኛውን ድምፅ መስማት ነው። (እዚህ የተጠቀሱት ዓመታት፣ ወራትና ቀናት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ለዚህ ጥቂት ታሪክ ያስፈልጋል። እስከ 17ኛው መቶ ዘመን መጀመሪያ ድረስ የአየርላንድ ገጣሚ በመሳፍንት ቤት ክብርና መተዳደሪያ ያለው ባለሙያ ነበር። ለብዙ ዓመታት ትምህርት ቤት ገብቶ በቀለም ቁጥር ላይ የተመሠረተውን ጥብቅ የግጥም ሕግ ይማራል፤ ግጥሙንም በጨለማ ክፍል ውስጥ ተጋድሞ በቃሉ ያበጃል። በቅኔ ቤት ብቻውን ተቀምጦ ቅኔ ሲቆጥር የሚውል ተማሪ ያየ ሰው ይህን ለመረዳት አይቸገርም። መሳፍንቱ በ1601 በኪንሴል ጦርነት ሲሸነፉ፣ በ1607 ደግሞ ታላላቆቹ ወደ አውሮፓ ሲሰደዱ፣ ገጣሚዎቹ ጌታቸውን አጡ፤ ቋንቋው ግን በሕዝቡ አፍ ቆየ። ቀስ በቀስ ሲሳሳ የኖረውን ይህን ቋንቋ ክፉኛ የመታው ከ1845 እስከ 1852 የዘለቀው ታላቁ ረኃብ ነው። የድንች በሽታው ባስከተለው በዚህ ረኃብ አንድ ሚሊዮን ያህል ሰው ሞተ፤ ከአንድ ሚሊዮን የማያንስም አገሩን ለቆ ወጣ፤ ከሁሉ በላይ የተጎዱትም አይሪሽ ተናጋሪዎቹ የምዕራብና የደቡብ ድኆች ነበሩ። ከዚያ በኋላ የመጣው ገጣሚ ቅድመ አያቶቹ ባልጸለዩበትና ባላለቀሱበት ቋንቋ የሚጽፍ ሆነ።

ስለዚህ ንባቡን ከሼመስ ሂኒ እንጀምር፤ እርሱንም ከቦታ ስሞቹ። ሂኒ ዬትስ በሞተበት በ1939 በሰሜን አየርላንድ በደሪ አውራጃ በገበሬ ቤት ተወለደ፣ በ1995 ኖቤልን ተቀበለ፣ በ2013 ዐረፈ። በ1966 ያሳተመው የመጀመሪያ መድበሉ መክፈቻ አባቱ ከመስኮቱ ሥር መሬት ሲቆፍር እየሰማ በብዕር ስለሚቆፍር ልጅ የሚናገር ግጥም ነው፤ ይህን ማንም ሰው ያለ ማብራሪያ ይረዳዋል። ሁለተኛው ንባብ ግን በ1972ቱ መድበል ያለው «ብሮኽ» ይሁን። ብሮኽ ከገጣሚው ቤተሰብ እርሻ አጠገብ ያለ የወንዝ ዳርቻ ስም ነው፤ በአይሪሽም ትርጉሙ ራሱ «የወንዝ ዳር» ማለት ነው። ግጥሙ ዝናቡን፣ ጭቃውን፣ በተረከዝ የተረገጠውን አፈር ሲያሳየን ቆይቶ የሚያበቃው በአንድ ድምፅ ላይ ነው፤ በስሙ መጨረሻ ያለውን ድምፅ እንግዶች መጥራት ይቸግራቸዋል ይላል። ይህ ድምፅ የእኛ «ኽ» ነው ማለት ይቻላል፤ እንግሊዝኛ ብቻ የሚያውቅ አንባቢ የሚሰናከልበትን ቦታ የአማርኛ አንባቢ ሳይደናቀፍ ያልፈዋል። በመጽሐፈ መሳፍንት ምዕራፍ 12 «ሺቦሌት» ማለት ያቃተው ሰው በዮርዳኖስ መሻገሪያ እንዴት እንደታወቀ የሚያስታውስ ሰው፣ በሰሜን አየርላንድ የአጠራር ልዩነት ምን ያህል ከባድ ነገር እንደሆነ ይገባዋል። የሂኒ ደግነት ግን እዚህ ላይ ነው፤ ያንን ድምፅ የአካባቢው ካቶሊክም ፕሮቴስታንትም እኩል ስለሚጠሩት፣ ሃይማኖት የለያያቸውን ጎረቤታሞች አንድ ቃል በአፋቸው ያገናኛቸዋል።

ከዚህ የሚወጣው ልማድ ቀላል ነው። በግጥሙ ውስጥ የቦታ ስም ባጋጠመ ቁጥር ንባቡን አቁሞ ስሙ በአይሪሽ ምን ማለት እንደሆነ መፈለግ ይገባል፤ ለዚህም ሎጋንም የተባለው የአየርላንድ የቦታ ስሞች የመረጃ ቋት በኢንተርኔት በነፃ ይገኛል። ይህ ትርፍ ሥራ አይደለም። የቦታን ስም አመጣጥ መተረክ ራሱን የቻለ ጥንታዊ የአይሪሽ ሥነ ጽሑፍ ዘርፍ ነው። ከ1824 ጀምሮ የእንግሊዝ መንግሥት ቀያሾች አገሩን በካርታ ሲያነሡ ስሞቹን በእንግሊዝኛ ፊደል እንደሚመቻቸው ስለጻፏቸው፣ ስሙን ወደ ትርጉሙ መመለስ ለገጣሚዎቹ የጠፋ ዕቃ ፈልጎ እንደ ማግኘት ነው።

ሂኒን ያነበበ ሰው መንገዱን የጠረገለትን ፓትሪክ ካቫናን ማየት አለበት። ካቫና በ1904 በሞናሃን አውራጃ በኢኒስኪን ተወልዶ ለዓመታት በእርሻ ሥራ የኖረ ሰው ነው። «ኤፒክ» በተባለው አጭር ግጥሙ፣ አውሮፓ ስለ ሙኒክ ስምምነት በምትጨነቅበት በ1938፣ ሁለት ቤተሰቦች በድንጋያማ ቁራሽ መሬት ድንበር ሲጣሉ ያሳየንና ከሁለቱ የትኛው ይበልጣል ብሎ ይጠይቃል። በዚያን ጊዜ የጥንቱ የግሪክ ገጣሚ የሆሜር መንፈስ መጥቶ «እኔም ኢሊያድን የሠራሁት ከእንዲህ ያለ የመንደር ጠብ ነው» ይለዋል። በ1942 የታተመው «ታላቁ ረኃብ» የተባለው ረጅም ግጥሙ ደግሞ ስለ 1840ዎቹ ረኃብ አይደለም፤ እናቱንና እርሻውን ሲያገለግል ሳያገባ ስላረጀ ገበሬ ነው፤ የሚራበውም ፍቅርን ነው። የመክፈቻው ስንኝ የዮሐንስ ወንጌልን «ቃልም ሥጋ ሆነ» ይዞ፣ ቃሉም ሥጋውም ጭቃ ነው ብሎ ይለውጠዋል። ይህን ስንኝ ለማስተላለፍ ከእንግሊዝኛው ይልቅ የወንጌሉ አማርኛ የሚበቃ ይመስለኛል።

ሁሉንም ግጥም ጮክ ብሎ ማንበብ ግድ ነው፤ በተለይ ቤት ለመምታት ሙሉ ድምፅ የለመደ የአማርኛ አንባቢ እዚህ ላይ መጠንቀቅ አለበት። በብዙዎቹ ግጥሞች ስንኞቹ ቤት የሚመቱት በከፊል ብቻ ነው፤ አናባቢው ይመሳሰልና ተነባቢው ይለያያል፣ ወይም ተነባቢው ተገጥሞ አናባቢው ይጣመማል። ይህ የችሎታ ማነስ አይደለም። በአይሪሽ የግጥም ሥርዓት የአናባቢ መመሳሰል ሕጋዊ የቤት መምቻ ነበር፤ እንደ ኦስቲን ክላርክ ያሉ ገጣሚዎችም አስበውበት ወደ እንግሊዝኛው አስገብተውታል።

አሁን ወደ ኋላ ሄደን፣ እኔ ከሁሉ አብልጬ የምወደውን ግጥም እናንብብ። በግንቦት 1773 አርት ኦ ሊሪ የተባለ የ26 ዓመት ወጣት በኮርክ አውራጃ በጥይት ተገደለ። አርት በኦስትሪያ ሠራዊት ውስጥ መኮንን ሆኖ ያገለገለ ካቶሊክ ነበር፤ በዘመኑ ሕግ ካቶሊክ ከአምስት ፓውንድ በላይ የሚያወጣ ፈረስ ሊኖረው ስለማይፈቀድ፣ ባለሥልጣን የሆነ ጠላቱ ባዝራውን በዚያ ዋጋ ሊወስድበት ፈልጎ እርሱ እምቢ በማለቱ ጠቡ እንደከረረ ይነገራል። ሚስቱ አይሊን ዱቭ ኒ ኾኒል ያለቀሰችለት ሙሾ ከአልቃሾች አፍ ተቀድቶ እስከ ዛሬ ደርሷል። በግጥሙ ባዝራዋ ልጓሟን እየጎተተች፣ በደም ተነክራ ብቻዋን ቤት ትደርሳለች፤ ሚስቲቱ በሦስት ዝላይ ኮርቻው ላይ ትወጣና ሬሳው ወደ ወደቀበት ትጋልባለች፤ ደሙንም በእጇ እያፈሰች ትጠጣለች። ቀጥሎ የሟች እኅት ተነሥታ በግጥም ትወቅሳታለች፣ እርሷም በግጥም ትመልስላታለች።

ሙሾ ሲወርድ በልቅሶ ቤት ተቀምጦ የሰማ ሰው ይህን ግጥም ሲያነብ ትርጓሜ አያስፈልገውም ብል ማጋነን አይደለም፤ ሟቹን በስም እየጠሩ ማናገር፣ ልብሱን፣ ጫማውንና ፈረሱን መቁጠር፣ ዘመድ ከዘመድ በሬሳ ፊት በስንኝ መወቃቀስ፣ ለገዳይ እርግማን ማውረድ ሁሉም አለበት። ስለዚህ በዝግታ ይነበብ፤ ከተቻለም አይሪሹና ትርጉሙ ፊት ለፊት በታተሙበት መጽሐፍ ይሁን። ሟችን በስም መጥራት የሚለው ነገር ልብ ይባል፤ ወዲያው ያስፈልገናል።

ዬትስን ማንበብ የሚቻለው አሁን ነው። ዬትስ አይሪሽ አያውቅም ነበር፤ የአገሩን ተረትና ግጥም ያገኘው በአብዛኛው በትርጉም ነው። የጎደለውን ቋንቋ በሌላ ነገር ለመተካት ያደረገው ጥረት በሥራው ሁሉ ይታያል። ለመጀመሪያ «ኢስተር 1916»ን ብቻ ወስዶ አንድ ሳምንት ከእርሱ ጋር መቆየት ይበቃል። በፋሲካ ማግስት ሰኞ፣ ሚያዝያ 24 ቀን 1916፣ በደብሊን በእንግሊዝ አገዛዝ ላይ ዐመፅ ተነሣ፤ በስድስተኛው ቀን ከከሸፈ በኋላ እንግሊዞች 16 ሰዎችን ገደሉ፣ 15ቱን በጥይት፣ አንዱን ለንደን ውስጥ በስቅላት። ከሟቾቹ ውስጥ ፒርስ፣ ማክዶና እና ፕላንኬት ራሳቸው ገጣሚዎች ነበሩ። ዬትስ ግጥሙን በዚያው ዓመት መስከረም ጽፎ 25 ቅጂ ብቻ ለወዳጆቹ አሳተመ፤ ሕዝብ በሰፊው ያነበበው ግን በ1920 ነው።

ግጥሙን ሲያነቡ በመጀመሪያ ስንኞቹን ይቁጠሩ። አራት አንጓዎች አሉት፤ የመጀመሪያው 16፣ ሁለተኛው 24፣ ሦስተኛው 16፣ አራተኛው 24 ስንኝ ነው፤ ዓመቱና ቀኑ በግጥሙ አጥንት ውስጥ ተቀብረዋል። ቀጥሎ ስሜቱን ይከታተሉ። ገጣሚው እነዚህን ሰዎች ማታ ማታ በመንገድ ሲያገኛቸው ከንቱ ሰላምታ ይለዋወጥ እንደነበር፣ በክበቡም ሊሳለቅባቸው ያስብ እንደነበር ይናዘዛል፤ አንደኛውን ክፉኛ ይጠላው እንደነበር እንኳ አይደብቅም። ሦስተኛው አንጓ ድንገት ከፖለቲካው ወጥቶ በሚፈስ ጅረት መካከል የማይነቃነቅ ድንጋይ ያሳየናል፤ ለረጅም ዘመን የሚከፈል መሥዋዕትነት ልብን ድንጋይ ያደርጋል የሚለውም ከዚሁ ይመጣል። መጨረሻ ላይ ሞታቸው አላስፈላጊ ነበርን ብሎ ይጠይቅና ሳይመልስ፣ የእኛ ድርሻ እናት ልጇን እንደምትጠራ ስማቸውን መጥራት ነው ይላል፤ ከዚያም አራቱን በስማቸው ጠርቶ «አስፈሪ ውበት ተወለደ» በሚለው አዝማች ይዘጋዋል። አይሊን ዱቭን ያላነበበ ሰው ይህን የስም ጥሪ እንደ ፖለቲካ መፈክር ይሰማዋል፤ ያነበበ ግን ሙሾ መሆኑን ያውቃል።

ከዚህ በኋላ ያለው ንባብ እየቀለለ ይሄዳል። በሰሜን አየርላንድ ከ1960ዎቹ መጨረሻ ጀምሮ ለሠላሳ ዓመት ያህል በቆየው ግጭት 3,500 ያህል ሰው ሞቷል፤ የቤልፋስቱ ማይክል ሎንግሊ የአየርላንድ ሪፐብሊካን ጦር ነሐሴ 31 ቀን 1994 ተኩስ ማቆሙን ባወጀ በቀናት ውስጥ 14 ስንኞች ያሉት «ሲዝፋየር» የተባለ ግጥም በጋዜጣ አወጣ። የተወሰደው ከኢሊያድ መጨረሻ ነው፤ ሽማግሌው ንጉሥ ፕሪያም የልጁን ሬሳ ለመለመን ወደ ገዳዩ ወደ አኪሊስ ድንኳን ይሄዳል። በሆሜር ዘንድ ንጉሡ የገዳዩን እጅ የሚስመው እንደ ገባ ወዲያው ነው፤ ሎንግሊ ግን ያንን ወደ መጨረሻዎቹ ሁለት ስንኞች አዛውሮታል። ሁለቱ አብረው አልቅሰው፣ አብረው በልተው ካየን በኋላ ነው ሽማግሌው ተንበርክኮ የልጁን ገዳይ እጅ እንደሳመ የሚነግረን። ይህ የቅደም ተከተል ለውጥ ባይኖር ግጥሙ ግማሽ ኃይሉን ያጣ ነበር።

ገጣሚቷን ኢቫን ቦላንድን ሳያነቡ ግን ትውፊቱን አወቅሁ ማለት አይቻልም። በ1991 በሦስት ትልልቅ ቅጾች የወጣው የአየርላንድ ሥነ ጽሑፍ መድበል ሴቶችን በብዛት ዘልሎ ብርቱ ተቃውሞ ስላስነሣ፣ በ2002 ሁለት ተጨማሪ ቅጾች ታትመዋል። ያለ ሴቶቹ የሙሾው መሥመር እንኳ ይቋረጣል። የቦላንድ «ኳራንቲን» በ1847 ክረምት በረኃብ ትኩሳት የታመመች ሚስቱን አዝሎ በእግሩ ወደ ሰሜን ስለሚሄድ ሰው ነው። ሲነጋ ሁለቱም ሞተው ይገኛሉ፤ እግሮቿ ደረቱ ላይ ተደግፈዋል፤ የመጨረሻውን ሙቀቱን ለእርሷ ሰጥቷል። ገጣሚዋ ስለ ፍቅር የሚጻፍ የተለመደ ውዳሴ ወደዚህ ደጃፍ እንዳይደርስ ትከለክላለች። ግጥሙ አጭር ስለሆነ በቃል መያዝ ይቻላል፤ እንዲያዝም እመክራለሁ።

በመጨረሻ በአይሪሽ የሚጽፉትን ሕያዋን ያንብቡ፤ በተለይ በ1952 እንግሊዝ ተወልዳ በአምስት ዓመቷ ወደ ኬሪ አይሪሽ ተናጋሪ መንደር የተላከችውን ኑላ ኒ ጎኒልን። ስለ ቋንቋ ጥያቄ የጻፈችውን አጭር ግጥም ፖል መልዱን ወደ እንግሊዝኛ መልሶታል። ተስፋዋን በቋንቋ ትንሽ ጀልባ ላይ ታስቀምጣለች፤ ጀልባዋ ሙሴ እንደተቀመጠባት የደንገል ሣጥን ዝፍትና ቅጥራን የተቀባች ናት፤ ወዴት እንደምትንሳፈፍ፣ ከፈርዖን ልጅ እጅም ትደርስ እንደሆነ ሳታውቅ ወደ ውኃው ትሰዳታለች። ትርጉሙን ካነበቡ በኋላ የአይሪሹን ንባብ በድምፅ ያዳምጡ፤ ባይገባም ግድ የለም። «ትያንጋ» የሚለውን ቃል ጆሮዎ እስኪይዘው ድረስ ደጋግመው ይስሙት፤ በአይሪሽ ቋንቋም በአፍ ውስጥ ያለ ምላስም ማለት ነው፣ ልክ እንደ ግዕዙ ልሳን።